አስራ አንድ ደቂቃ

መዝገብ ቤት ነው ቦታዬ፣ አራዳ፣ ከደረጃው ስር፣
በገባ ወረቀት ሁሉ ላይ ቀን ስጽፍ፣ ሰዓት ስጽፍ፣ ቁጥር ስደረድር፣
አስራ ዘጠኝ ዓመት።
"ገቢ" እና "ወጪ" ነው የዓለሜ ስፋቱ።
የግድግዳው ሰዓት ሦስት ከሩብ ላይ ቆሟል፤
"ባትሪ ይገዛ" ያልኩበት ማመልከቻ ፋይል ውስጥ ተኝቷል።

ማስታወቂያው ወጣ፦
የውሃ ጥራት ባለሙያ፣ ብዛት አንድ፣ ደረጃ ስምንት፣
"ከወጣበት ቀን ጀምሮ በተከታታይ አስር የስራ ቀናት"።
አስረኛው ቀን ሲቆጠር በጥር አስራ ሁለት ዋለ፤
በካላንደር የስራ ቀን፣ በጎንደር ግን ሚካኤል አለ።

እናንዬ አጣናው ከቆላድባ ተነሥታ፣
ዲግሪዋን በፌስታል፣ ፌስታሉን በነጠላዋ ጫፍ ቋጥራ፣ አጥብቃ ይዛ መጥታ፣
ባጃጇ ቀሃ ድልድይ ስትደርስ፣ ታቦቱ መንገዱን ሞላ።
በታቦት ፊት ማን ያቋርጣል? ሹፌሩ ሞተር አጠፋ፤
እሷም ወርዳ ስትሳለም፣ ስትቆጥር፣ ደግማ ስትሳለም፣
ደቂቃው እንደ ጸበል ተረጭቶ ጠፋ።

በሩን ስታንኳኳ፣ እኔ ነጠላዬን ከመሳቢያ እያወጣሁ፣
መስኮት እየዘጋሁ፣ ልቤን ወደ ሆታው አስቀድሜ እየላክሁ፣
ወረቀቷን ተቀበልኩ። እጄን አየሁ። ጻፍኩ፦
"የገባበት ሰዓት፣ አስራ አንድ ከአርባ አንድ።"
ከዚያ ቀዩ ማኅተም፦ "ጊዜው ያለፈበት"።
አስራ አንድ ደቂቃ፣
ጥርስ ፍቆ ለመጨረስ እንኳ የማትበቃ።
አራት ዓመት ሙሉ ፈተና ያለፈች ልጅ፣
አንድ ማታ አለፋት፣ እኔው ደጅ።

ከሰሰች።
"ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ" አሏት፣ በምክር፣ በግሳጼ፣ በሹክሹክታ፤
"ንጉሥ መቼ ነካሁ? ማስታወቂያ ነው የከሰስኩት" አለች በእርጋታ።

ያቺ አስራ አንድ ደቂቃ ስትመረመር አስራ አንድ ወር ፈጀች።
ዳኛዋ ታመመች፣ ቀጠሮ። መጥሪያው አልደረሰም፣ ቀጠሮ።
የቢሮው መልስ ዘገየ፤
(ለዘገየው መልስ "በሚቀጥለው ይቅረብ" ተባለ እንጂ፣
ቀይ ማኅተም ያነሣበት ሰው አላየሁም።)

ነገረ ፈጁ ተነሣ፣ ኮቱን ቆልፎ፣
"ሕግ ታቦት አያውቅም" አለ፣ ፊቱን አማትቦ።
ጠበቃዋ "ቀኑ አይቆጠርም፤ ቢቆጠርም እስከ እኩለ ሌሊት ነው" አለ።
ባሕረ ሐሳብ ሊያወጡ ምንም አልቀራቸው።
ዳኛዋ መነጽሯን ጠረገች፤
ያን ዕለት ከሆታው መሐል ነበረች፣ በዓይኔ አይቻታለሁ።

እኔ ለምስክርነት ተጠራሁ። ማልኩ።
"ጽሑፉ ያንተ ነው?" "አዎ።"
"ማኅተሙስ?" "አዎ።"
"ተቀመጥ።"
ማንም፣ እግዜር ያሳያችሁ፣ አንድም ሰው አልጠየቀኝ፣
"በየትኛው ሰዓት?" ብሎ።
የእጄ ሰዓት ሩብ ሰዓት ይቀድማል፤
የጠዋት ፊርማ እንዳያመልጠኝ ራሴ ነኝ ያስቀደምኩት፣
ደመወዝ እንዳይቆረጥ፣
የድሃ ብልሃት ናት፣ ከጊዜ ቀድሞ መሮጥ።
ቃሉ ጉሮሮዬ ደርሶ እንደ ዓሣ አጥንት ቆመ፤
መሐላዬ ደህና ነው፣ እውነቴ ግን ታመመ።

"አቤቱታው ውድቅ ነው። ወጪና ኪሳራ ይቻቻሉ።
መዝገቡ ተዘግቷል፣ ወደ መዝገብ ቤት ይመለስ።"
መዝገብ ቤት እኔ አይደለሁ?
ወደ እኔ ተመለሰ።

ከጃንተከል ዋርካ ስር ቆማ አገኘኋት፣
ፌስታሏን ደረቷ ላይ አቅፋ፣ የቆላድባ መኪና እንዳያመልጣት።
ዞር አለች። አወቀችኝ መሰለኝ፤ እንጃ።
"ወንድም፣ ስንት ሰዓት ነው?"
እጄን አየሁ፤ መርፌዋ እንደ ልማዷ ትሮጣለች።
"የኔ ሰዓት" አልኳት፣ "ይቀድማል።"
ፌስታሉ ከደረቷ ወረደ፣ ቀስ ብሎ፣ እስከ ጉልበቷ።
"በስንት?" አለች።